ትሑት ያሏት ዓይናዲስ

ወይራ አፋፍ ከገነተ ማርያም በእግር ሁለት ሰዓት ተኩል ያስኬዳል። መንደሩ ከገደሉ ጫፍ ላይ ነው፤ ቤተ ክርስቲያኑ ደግሞ ከገደሉ ሥር፣ አፉን ወደ ምዕራብ በከፈተ ዋሻ ውስጥ። ቅዱስ ሚካኤል ነው። ሕንጻው ከካህናቱና ከጥቂት ሽማግሌዎች በቀር ሰው ስለማይዝ ሕዝቡ የሚያስቀድሰው ከደጅ፣ በዋሻው ጣሪያ ሥር ቆሞ ነው፤ ወንዶቹ በሰሜን፣ ሴቶቹ በደቡብ። የሴቶቹን መቆሚያ ላለፉት አሥራ አራት ዓመታት በየማለዳው ስትጠርግ የኖረችው ዓይናዲስ ናት።

ባሏ በሞተ በዓመቱ ነው የጀመረችው። ማንም አላዘዛትም፣ ማንም አላመሰገናትም፤ እሷም የፈለገችው ይህንኑ ነበር። ዕድሜዋ አምሳን ተሻግሯል። አጠር ያለች፣ ስትራመድ ኮቴዋ የማይሰማ፣ ስታናግሯት ዓይኗን ከጫማችሁ ላይ የማታነሳ ሴት ናት። "ዘንድሮ ገብሱ እንዴት ያዘ?" ብትሏት "እንጃ፣ እኔ ምን አውቃለሁ" ትላለች፤ ከአረሙ እስከ አጨዳው ያለችበት ግን ራሷ ናት። ማኅበር ላይ ከበሩ አጠገብ ትቀመጣለች፤ ምግቡ ሳይደርሳት ቢቀር አትናገርም።

ለዚህ ጠባይዋ አገሩ ያገኘለት ቃል "ትሑት" የሚል ነው። "እንደ ዓይናዲስ ትሑት ያድርግሽ" እያሉ ሙሽሮችን ይመርቃሉ። የደብሩ ገበዝ ቄስ ዘመኑ ስለ ትሕትና በሰበኩ ቁጥር ሴቶቹ ዞር ዞር እያሉ ያይዋታል። ያን ጊዜ ነጠላዋን እስከ ቅንድቧ ትስብና መሬት መሬቱን ታያለች። "አያችሁ፣ ምስጋና እንኳ ያሳፍራታል" ይባባላሉ። እሷ ግን አፍራ አልነበረም። የሰው ዕቃ ደብቆ እንደያዘ ሰው ልቧ ይመታ ነበር። ትሑት እንዳልሆነች ታውቃለች። እሷ ፈሪ ናት።

ፍርሃቱ የጀመረበትን ቀን አትረሳውም። የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለች አጎቷ የጎረቤትን የወሰን ድንጋይ ነቅሎ አራት እርምጃ ሲያሻግር አየች። ሽማግሌ ተቀምጦ "ያየ አለ?" ብሎ ሲጠይቅ፣ ከሴቶቹ መሃል ብድግ ብላ "እኔ አይቻለሁ" አለች። ድንጋዩ ወደ ቦታው ተመለሰ። አጎቷ ግን በዚያው ሳምንት አገር ጥሎ ወደ ሑመራ ወረደ፤ ወሬውም በዚያው ጠፋ። አያቷ እስከ ዕለተ ሞቷ ድረስ ዓይናዲስን ባየች ቁጥር የምትላት አንድ ነገር ነበር፦ "ልጄን በምላስሽ በላሽው።" ከዚያ ወዲያ ዓይናዲስ ስለ ምንም ነገር "እኔ" ብላ ጀምራ "ምን አውቃለሁ" ሳትል ጨርሳ አታውቅም።

ባለፈው ዓመት፣ በሚያዝያ መጨረሻ፣ ስትጠርግ መጥረጊያዋ ሥር አሸዋ ገባ። የዋሻው ድንጋይ ቀይ ነው፤ አሸዋውም ቀይ፣ እንደ በርበሬ የላመ ነው። ቁንጥር ታህላለች። በማግስቱም ነበረች። በሳምንቱ እፍኝ ሞላ። ቀና ብላ አየች። ከሦስት ሰው ቁመት በላይ፣ ጣሪያው ከግድግዳው በሚገናኝበት፣ ድሮ የፀጉር ያህል የነበረች መስመር አሁን ጣት የምታስገባ ሆናለች። መስመሯ ከጥጉ ተነስታ፣ ግማሽ ክብ ሠርታ፣ መልሳ ወደ ጥጉ ትገባለች። በመሃል ያለው ድንጋይ ስፋቱ የአውድማ ያህል ነው። ሴቶቹ የሚቆሙት ልክ ከሱ ሥር ነው።

"ነፋስ ያመጣው ነው" አለች ለራሷ። ነፋስ ግን አሸዋን በየቀኑ አንድ ቦታ ላይ አያፈስም። አሸዋውን በባዶ የቲማቲም ጣሳ ማጠራቀም ጀመረች። ለምን እንደምታጠራቅመው አታውቅም፤ ከጣለችው ግን ያላየችው ይመስላታል። ከዚያ በኋላ ስትጠርግ ትከሻዋን ወደ ጆሮዋ ሰብስባ፣ ጀርባዋ ቀዝቅዞ፣ ትንሽ ጠጠር ኳ ባለ ቁጥር እየዘለለች ሆነ። አንድ ማለዳ ከስንጥቁ ጥግ ጎጆ የሠሩት ርግቦች ጠፉ። ጎጆው አለ፣ ላባው አለ፣ እነሱ የሉም። በማግስቱም አልተመለሱም።

ግንቦት አሥራ ሁለት የወሩ ሚካኤል ነበር። ዲያቆናቱ ትልቁን ከበሮ ሲመቱ ዓይናዲስ እጇን ዘርግታ ነበር። ከበሮው አንድ ሲል አሸዋ መዳፏ ላይ ረገፈ። ሁለት ሲል ረገፈ። ሦስት ሲል ረገፈ። አጠገቧ ልጇ ጥሩነሽ ቆማለች፤ የስምንት ወር ሕፃኗ በአንቀልባ ተኝቷል፣ ሽፋሽፍቱ ላይ ቀይ አቧራ አርፎበታል። ጥሩነሽ በነጠላዋ ጫፍ ጠረግ አድርጋለት እልልታዋን ቀጠለች። ቀና ያለ ሰው አልነበረም።

ሰኔ አሥራ ሁለት ደግሞ የዓመቱ በዓል ነው። ያን ቀን ከአምስት ቀበሌ ሰው ይመጣል። ያን ቀን ከበሮው ሦስት ነው።

ዓይናዲስ ለሦስት ቀን አፏን ስታሟሽ ሰንብታ ቄስ ዘመኑ ዘንድ ሄደች። ቄሱ አርባ አምስት ዓመት ቢሆናቸው ነው፤ ቀልጣፋ፣ ሥራ ወዳድ፣ በዓሉን በዓመት በዓመት ያሳደጉት እሳቸው ናቸው። የዕቃ ቤቱን በር ሲጠግኑ አገኘቻቸው።

"አባ…"

"እህ፣ ዓይናዲስ። ደኅና ነሽ?"

"ያ… በሴቶቹ በኩል… አሸዋ ቢጤ ይረግፋል መሰለኝ። ከላይ።"

"አሸዋ?"

"ስንጥቁም… እንጃ፣ የሰፋ መሰለኝ።"

ቄስ ዘመኑ መዶሻቸውን አስቀመጡ። "ይህ ዋሻ አባቶቻችን ሳይወለዱ የቆመ ነው። ይወድቃል ነው የምትይው?"

እዚህ ላይ "አዎ" ብትል ነገሩ ያልቅ ነበር። ቃሉ ጉሮሮዋ ድረስ መጣ። "ኧረ እኔ ምን አውቃለሁ፣ አባ" አለች።

"እንግዲያው የሚያውቀው ያውቃል። አይዞሽ" ብለው መስቀል አሳለሟት።

ተሳልማ ወጣች። መንገድ ላይ አንድ ድንጋይ አግኝታ ተቀመጠች። ያስፈራት የቄሱ መልስ አልነበረም። ያስፈራት ከዚያ ቤት ስትወጣ የተሰማት እፎይታ ነው። "ነግሬያለሁ፤ ከእንግዲህ በኔ አይመጣም" ብሎ ልቧ ዕረፍት አግኝቶ ነበር፤ ድንጋዩ ግን ካለበት አልተነቃነቀም፣ ጥሩነሽም በሰኔ ሚካኤል እዚያው ሥር ልትቆም ነው።

በዚያ ሳምንት የየኔታን ጋቢ የምታጥብበት ቀን ነበር። የኔታ ሀብተ ሥላሴ ቄስ ዘመኑንም ጨምሮ የአካባቢውን ካህን ሁሉ ያስተማሩ የቅኔ መምህር ናቸው። ዓይናቸው ፈጽሞ ደክሟል፤ ቀኑን ሙሉ ከጎጇቸው ደጅ ፀሐይ ይሞቃሉ። ስለ ቃል ሲጠየቁ ደስ እንደሚላቸው አገሩ ሁሉ ያውቃል።

"የኔታ፣ ትሑት ማለት ምን ማለት ነው?" አለች ዓይናዲስ ጋቢውን እያሸች።

"ግዕዝ ነው። ታሕት ማለት ሥር፣ በታች ማለት ነው። ይሄ ታች የምትሉትም ከዚያው የመጣ ነው። ትሑት፣ ዝቅ ያለ። ትሕትና፣ ዝቅ ማለት።" ትንሽ አሰቡና ፈገግ አሉ። "ሰው ግን ቃሉን ለራሱ በሚመቸው ያውለዋል። ለሴት ሲለው ዝም ያለች ማለቱ ነው። ለአሽከር ሲለው ያዘዙትን የሚሠራ። ለሹም ሲለው ሰላምታ የማይነፍግ። ማመልከቻ የሚጽፈውም 'በትሕትና እጠይቃለሁ' ይላል፤ ካልሰጡት ግን ይከሳል።"

ዓይናዲስ አልሳቀችም። "ትሑትና ፈሪስ አንድ ናቸው?"

የኔታ ፊታቸውን ወደ ድምፅዋ አዞሩ። "ሁለቱም አንገታቸውን ይደፋሉ። ከኋላ ላየ አንድ ይመስላሉ።"

"ልዩነታቸውስ?"

"ፈሪ ሲያስብ የሚውለው ስለ ማን ነው? ስለ ራሱ ነው። ምን ይሉኛል፣ ምን ይደርስብኛል፣ ምን እሆናለሁ። እንዲህ ከሆነ ከትዕቢተኛው በምን ይለያል? ሁለቱም ከራሳቸው ላይ ዓይናቸውን መንቀል አልቻሉም። ትሑት ግን ራሱን ይረሳዋል። ባዶ ሆኖ አይደለም፤ የሚያየው ሌላ ነገር ስላለው ነው።" ከዚያ "ምነው ጠየቅሽኝ?" አሉ።

"እንዲሁ ነው፣ የኔታ።"

ጋቢውን ስትጨምቅ ግማሹን ውኃ ቀሚሷ ላይ አፈሰሰችው።

ሰኔ አሥራ ሁለት ዕለት ገና ጎህ ሲቀድ ወረደች። ከስንጥቁ ሥር የሰፌድ ያህል የድንጋይ ቅርፊት ወድቆ አገኘች፤ ጠርዙ ትኩስ ስብራት ነው። ቆማ ስታየው በቁልቁለቱ የሴቶች ድምፅ መጣ። ነጠላ በነጠላ ላይ፣ አንቀልባ በአንቀልባ ላይ እየሆኑ ይወርዳሉ። ወደ ሴቶቹ መቆሚያ የሚያስገባው በግንቡና በገደሉ መሃል ያለ አንድ ጠባብ ቀዳዳ ነው። ዓይናዲስ መጥረጊያዋን ይዛ እዚያ ቀዳዳ ላይ ቆመች።

"ምነው ዓይናዲስ? አሳልፊን እንጂ" አለች የመጀመሪያዋ።

"አትግቡ።"

"ምን?"

"አትግቡ። ድንጋዩ ይወድቃል።"

ሴቶቹ ሳቁ፤ ሲያዩዋት ደግሞ ሳቃቸውን አቆሙ። ከኋላ ያሉት የሆነውን ሳያውቁ ይገፋሉ። ሕፃን አለቀሰ። ጫጫታው ሲበረታ ቄስ ዘመኑ ልብሰ ተክህኗቸውን እንደለበሱ ብቅ አሉ። "ሴቶቹን የከለከለ ማን ነው?"

ያ ሁሉ ሰው ዓይኑን ወደ እሷ አደረገ። ለዓይናዲስ አያቷ አጠገቧ የቆመች መሰላት። ሽንቷ እንዳያመልጣት ጭኗን ገጠመች፤ ይህን ራሷ ናት በኋላ የተናገረችው።

"እኔ" አለች።

"ማን ነግሮሽ?"

"አይቻለሁ። ከሚያዝያ ጀምሮ አይቻለሁ። ከበሮው ሲመታ ይረግፋል። ርግቦቹ ለቀዋል።" ከነጠላዋ ሥር ጣሳውን አውጥታ ዘረጋች፤ አሸዋው በጠርዙ ይፈስ ነበር።

"ዛሬ? በዓመቱ በዓል?" አሉ ቄስ ዘመኑ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። "ዝናቡ ደርሷል። ይህ ሁሉ ሴት ከነልጁ የት ይቁም?"

"አላውቅም፣ አባ። እዚህ ግን አይቁም።"

የኔታ በሰው እየተመሩ መጡ። ቅርፊቱን አምጡልኝ አሉ። ጠርዙን በጣታቸው ዳሰሱት፣ መልሰው ዳሰሱት። "ዘመኑ" አሉ፣ "ከበሮዎቹ ይውጡ። እኛም እንውጣ።" ቄስ ዘመኑ ፊታቸው ጠቆረ፤ ግን መምህራቸውን እምቢ ማለት አልቻሉም። በዓሉ ከዋሻው በታች ባለው ሜዳ ላይ ሆነ።

አምስት ሰዓት ሲሆን ዝናቡ ከነበረዶው ወረደ። መጠለያ የሌለው ሕዝብ ጃንጥላ ለአምስት ለስድስት ተጋራ። የከበሮዎቹ ቆዳ ርሶ ድምፃቸው ሞተ። ታቦቱ በችኮላ ገባ። ማታ ላይ የተናደዱ ጎረምሶች ከስንጥቁ ሥር ሄደው ጮኹ፣ ዘለሉ፣ አፏጩ። ዓይናዲስ ከሩቅ ሆና ፊቷን በእጇ ሸፍና ቆየች። ድንጋዩ አልወደቀም።

በማግስቱ የጥሩነሽ ልጅ ትኩሳት ያዘው፤ ሳሉ እንደ ውሻ ጩኸት ሆነ። ጤና ኬላ ሲወስዱት ዓይናዲስ ከኋላ ከኋላ ተከተለች። ጥሩነሽ በር ላይ ዞር አለችና "ድንጋዩ አልገደለብኝም እማዬ፤ አንቺ ልትገድይብኝ ነው" አለቻት። አራት ቀን ሕፃኑ ዓይኑን ሳይገልጥ ሰነበተ። በእነዚያ አራት ቀናት ዓይናዲስ ከጤና ኬላው አጥር ሥር ተቀምጣ፣ እህል ሳትቀምስ፣ የሳሉን ድምፅ ታዳምጣለች፤ ሳሉ ሲቆም ተረጋጋ ይሁን ሞተ ይሁን ማወቅ ያቅታታል። በአምስተኛው ቀን መድኃኒቱ ያዘለትና ጡት ጠባ።

የኔታም የበዓሉ ዕለት ብርድ መታቸውና አልጋ ያዙ። ለዓይናዲስ የሚናገርላት ሰው ጠፋ። አገሩ የሰጣትን ቃል መልሶ ወሰደባት። "ትሑት ስንላት ለካ ውስጥ ውስጡን ነው" አሉ። "ነቢይቱ" የሚል ስም ወጣላት። ሐምሌ ሲገባ ዝናቡ በየቀኑ ሆነና ሴቶቹ ወደ ቀድሞ ቦታቸው ተመለሱ፤ ቄስ ዘመኑም ዝም አሉ። ዓይናዲስ ብቻ ከሜዳው ላይ ጆንያ ተከናንባ ታስቀድሳለች። መጥረጉን ግን አላቋረጠችም። በየማለዳው ከሁሉ ቀድማ ትመጣለች፣ ቀና ትላለች።

ሐምሌ አሥራ ሁለት ማለዳ ቀና ስትል ከልቧ አንድ ቃል ሲወጣ ሰማችው፦ "አሁንም አልወደቅህም?"

መጥረጊያውን ለቀቀችው። ቃሉን አልተናገረችውም፤ ግን ተሰምቷታል። ከዚያ ቀን በፊትም እንደነበረ ያን ጊዜ ገባት። ስንት ማለዳ ነው ድንጋዩ እንዳለ ስታየው ቅር ያላት? ወድቆ፣ ሕዝቡ እየሮጠ መጥቶ "ልክ ነበርሽ" ሲላት በሐሳቧ ታይቷት፣ ያ ሐሳብ ደግሞ ጣፍጧታል። አሁን ያንኑ ሥዕል እንደገና አየችው። በዚህኛው ከድንጋዩ ሥር ማን እንዳለ አየች። ጥሩነሽ ናት፣ በጀርባዋ አንቀልባ። ዓይናዲስ መጥረጊያውን ሳታነሳ ወጣች።

ከዚያ በኋላ ድንጋዩን ከመፍራት ራሷን መፍራት ባሰባት። ይህን ያህል ዓመት አንገቷን ደፍታ የኖረች ሴት ውስጥ ይህ ነገር የት ተደብቆ ነበር? አንድ ሳምንት ቤተ ክርስቲያን ሳትሄድ ቀረች። የፍልሰታ ጾም ሊገባ ሲል ሰው ሁሉ ንስሐ ይገባል፤ የእሷ የንስሐ አባት ደግሞ ሌላ አይደሉም፣ ቄስ ዘመኑ ናቸው።

ከቤታቸው ደጅ ባለች የወይራ ዛፍ ሥር ተቀመጡ። ዓይናዲስ ዓይኗን ከመሬት አላነሳችም።

"በይ እንጂ" አሉ ቄሱ። እሳቸውም አላዩዋትም።

"ድንጋዩ እንዲወድቅ እመኛለሁ" አለች።

ቄስ ዘመኑ ፊታቸውን ወደ እሷ አዞሩ።

"ሰው እንዲሞት አይደለም። ልክ እንድሆን ነው። ግን ያው ነው አባ፣ ያው ነው። ሴቶቹ ከሥሩ ቆመው እያየሁ ነው የምመኘው።" እንባዋ እየወረደ ነበር። "ራሴን ፈራሁት።"

ቄሱ መስቀላቸውን በእጃቸው ሲያገላብጡ ቆዩ። ከዚያ፣ ቄስ ለተናዛዥ የማይለውን ነገር አሉ። "እኔም እንዳይወድቅ በየቀኑ እጸልያለሁ። ለሴቶቹ ብዬ እንዳይመስልሽ። አንቺ ልክ እንዳትሆኚ ብዬ ነው።" ድምፃቸው ተሰበረ። "ከሰኔ ጀምሮ አንድ ቀን እንኳ ቀና ብዬ አላየሁትም። ማየቱን ፈራሁት።"

ነፋሱ የወይራውን ቅጠል ያንኮሻኩሻል። በመጨረሻ ቄስ ዘመኑ ተነሱ። "ነይ አሳይኝ።"

መሰላል አምጥተው ወጡ። ዓይናዲስ መሰላሉን ከታች ይዛለች፤ አሸዋው ጠጉሯ ላይ ይወርዳል። ቄሱ ከጧፍ መሥሪያው ሰም ወስደው፣ በእጃቸው አሙቀው፣ እንደ ክር አቅጥነው፣ ስንጥቁን በሦስት ቦታ አሻግረው ለጠፉበት። ድንጋዩ ካልተንቀሳቀሰ ሰሙ እንዳለ ይቆያል። ሲወርዱ ፊታቸው አመድ መስሎ ነበር። "ውስጡ ይነፍሳል" አሉ። "ከስንጥቁ ውስጥ ነፋስ ፊቴን መታኝ።"

በሦስተኛው ቀን ሦስቱም ሰም ተበጥሶ ነበር። በተበጠሰው መሃል የገብስ ፍሬ ያስገባል።

ቄስ ዘመኑ ያን ቀን ማንንም አላማከሩም። የሴቶቹን መቆሚያ በእሾህ አጠሩ፤ ሴቶቹ ከወንዶቹ ጋር በሰሜን በኩል እንዲቆሙ አዘዙ። ሽማግሌዎቹ ሴትና ወንድ ተቀላቅሎ እንዴት ይሆናል ብለው ተቆጡ። ቄሱ ኔትወርክ ፍለጋ ከገደሉ ጫፍ ወጥተው ወደ ወረዳ ደወሉ፤ መንገዱ ሲደርቅ ባለሙያ ይላካል አሏቸው።

ነሐሴ ዘጠኝ፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ገደማ፣ ዓይናዲስ የወንዶቹን በኩል እየጠረገች ነበር። ቄስ ዘመኑ ከውስጥ ናቸው። ቅዳሴው ገና ስለሆነ ሌላ ሰው አልነበረም። መጀመሪያ የሰማችው እንጨት ሲሰበር የሚሰማ ዓይነት ጥርቅታ ነው። ቀጥሎ ምንም። አንድ ትንፋሽ ያህል ምንም። ከዚያ መሬቱ ከእግሯ ሥር ዘለለ። ድምፁን እንደ ድምፅ አልሰማችውም፤ ደረቷን ነው የመታት። አቧራው ቀኑን አጨለመው።

"አባ!" ብላ ጮኸች። አፏ አፈር ሞላ። "አባ ዘመኑ!"

መልስ የለም። ከላይ ጠጠር መርገፉን አላቆመም፤ የቀረውም ይከተል አይከተል የሚያውቅ የለም። እግሯ ወደ ውጭ፣ ወደ ብርሃኑ ሊሮጥ ፈለገ። እሷ ግን ግንቡን በእጇ እየዳበሰች ወደ ውስጥ ገባች። ከቅኔ ማህሌቱ በር አጠገብ እጇ ልብስ ነካ። ቄሱ ተቀምጠው ነበር፤ ግንባራቸው ደምቷል፣ ያስላሉ። በብብታቸው ይዛ አወጣቻቸው። ሜዳው ላይ ሲደርሱ ሁለቱም ወደቁ።

አቧራው ሲወርድ የሴቶቹ መቆሚያ አልነበረም። ድንጋዩ እስከ ደረት ድረስ ሞልቶታል፤ የደቡቡ ግንብ ፈርሷል፤ የእሾህ አጥሩ ከሥሩ ተለጥፏል። ሰው ከመንደር እየጮኸ ወረደ። እናቶች ልጆቻቸውን ይቆጥራሉ፣ መልሰው ይቆጥራሉ። ጥሩነሽ ሕፃኑን ታቅፋ መጣችና ከእናቷ ጎን ተቀመጠች።

"ልክ ነበርሽ" አላት አንዱ። ዓይናዲስ ያ ጣፋጭ ነገር ሊመጣ ነው ብላ ፈርታ ጠበቀች። አልመጣም። ጥርሷ ብቻ ይንገጫገጭ ነበር።

በሚቀጥለው እሁድ ቄስ ዘመኑ ግንባራቸውን እንዳሰሩ ሜዳው ላይ ቆመው ሁሉን ነገር ለሕዝቡ ተናገሩ። የእሷን ንስሐ አላወጡም፤ የራሳቸውን ግን ምንም አላስቀሩም። "ሴቲቱ ልክ እንዳትሆን ጸልዬ ነበር" ሲሉ ያ ሁሉ ሰው ወደ መሬት አየ።

ከዚያ ሌላ ጣጣ መጣ። ሰዎች ዓይናዲስ ደጅ እየመጡ ጉልበቷን ሊስሙ ጀመሩ። አንዲት ሴት ከኩልመስክ ድረስ የታመመ ልጇን አምጥታ "እጅሽን ጫኚልኝ" አለቻት። ዓይናዲስ እንደ እሳት ፈራችው። "እመቤቴ፣ እኔ ያየሁት አሸዋ ነው" ብላ በሩን ዘጋች፤ ከዘጋችው በኋላ ግን ከበሩ ጀርባ ቆማ የሴትዮዋን ልቅሶ ሰማች። ከፍታ ወጣች። እጇን አልጫነችም፤ ልጁን አዝላላት ጤና ኬላ ድረስ አብራት ሄደች።

መስከረም ላይ ባለሙያዎች መጡ። የሰሜኑም ጣሪያ አያስተማምንም ብለው ዋሻውን ዘጉት። ታቦቱ ከገደሉ ጫፍ በቆርቆሮ በተሠራ ቤት ገባ። ተመልሶ ይወርድ እንደሆነ የሚያውቅ የለም፤ ሰውም ስለዚህ ነገር ሲያወራ ድምፁን ይቀንሳል። የኔታ ከአልጋቸው ተነሱ፤ ግን ቁልቁለቱን መውረድ ስለማይችሉ ጎጇቸው በቆርቆሮው ቤት አጠገብ ተሠራላቸው።

በጥቅምት ቤተ ክርስቲያኑን የሚጠብቅ ኮሚቴ ሲቋቋም ዓይናዲስን መረጧት። እምቢ አለች። ሁለት ቀን አሰበችበትና እሺ አለች። በመጀመሪያው ስብሰባ እጇን ሁለት ጊዜ አወጣች፤ ሁለቱንም ጊዜ ድምፅዋ ይንቀጠቀጥ ነበር። የቆርቆሮው ቤት በር ሁለት ይሁን አለች፤ ተቀበሏት። ከገደሉ ሥር የሚያልፈው የውኃ መንገድ ይዘጋ፣ ሌላውም ድንጋይ አያስተማምንም አለች። ይህን አልተቀበሏትም፤ በሌላ በኩል መዞር አንድ ሰዓት ይጨምራል፣ ሴቱ እንስራ ተሸክሞ አይችልም አሏት። እውነታቸውን እንደሆነ አመነች፤ እሷም ውኃ ትቀዳለችና። ፍርሃቱ ግን አልለቀቃትም።

ከስብሰባው ሲወጡ ቄስ ዘመኑን ጠጋ ብላ "በሚቀጥለውም አነሳዋለሁ፣ አባ" አለቻቸው።

"አንሺው" አሉ።

ከዚያ ወደ ጥሩነሽ ቤት ወረደች። ጥሩነሽ እህል ልታስፈጭ ስለነበር ሕፃኑን የምትይዝላትን እናቷን ትጠብቅ ነበር።